ከቆርቆሮው በታች

ከጎላ ሚካኤል ጀርባ፣ ከወፍጮ ቤቱ ጎን፣
ግንቦት ሊያልቅ ሲል ቤታችንን ከፈትን።
በበሩ አይደለም፤ ከላይ ነው፣ ባናቱ።
ሽኩር ሚስማር ሲመዝ ቦነነ ዝገቱ፣
እንደ ሚጥሚጣ ገብቶ ካፍንጫችን
አስነጠሰን ሠላሳ ዓመታችን።

የመጀመሪያው ቆርቆሮ ሲነሳ
ከሥሩ የተኛው ሁሉ አብሮ ተነሳ፤
የፊኖ ዱቄት ኬሻ፣ የድንኳን ቁራጭ፣
ከጭነት መኪና የተቀደደ ሸራ፣
ካንድ ምርጫ የተረፈ ግማሽ ፊት፣
አንድ ዓይን ብቻ፣ ሬንጅ ለብሶ የሚያበራ።
አባቴ ነው ይሄ ሁሉ። ክረምት በመጣ ቁጥር
አንድ እራፊ ይዞ መሰላሉን ይወጣ ነበር፤
«ለዘንድሮ ይበቃል» ይላል ሲወርድ።
ሃያ ዘንድሮ ቆጠርኩ፣ አንዱን ካንዱ ስቀድ።

እናቴ ታች ቆማ አንጋጣ ስታይ
አልጋዋን አየባት ሰማይ።
አፈረች። አንሶላውን ጎተት አደረገች፣
ያልታሰበ እንግዳ እንደገባባት፤
«ቶሎ አልብሱት እንጂ» አለች፣
ቤቱን እንደ ሰው ገላ፣ እንደ ራቁት።

ጋሽ ሰይፈ ካጥሩ ማዶ ጥርሱን እየፋቀ፣
«ለሚፈርስ ቤት!» ብሎ ሳቀ።
«ይሄን ሰፈር ለክተውታል፤ ዛሬ ነገ ይነሳል፤
ሰው እንዴት ዕቁቡን ለጣሪያ ያፈሳል?»
ሽኩር ሚስማር ጎርሷል፤ ቶሎ አልመለሰም።
አንድ ባንድ ተፋቸውና፣ «እኔም ነገ ሟች ነኝ፤
ግን ሲዘንብ ሜዳ ላይ አላድርም።»

ጥቅሉ ከመርካቶ መጣ በነጂብ ትከሻ፣
ገና እንደፈሰሰ አስፋልት የሚሸት፤
ጣውላው ላይ ሲፈቱት፣ በጠራራ ፀሐይ፣
ከቤታችን አናት ላይ ተነጠፈ ሌሊት።

«ከታች ጀምር» አለው ሽኩር፣ «ካሸንዳው ጠርዝ፤
የላዩ የታቹን ይደርብ፣ አንድ ስንዝር ያዝ።
ውሃ ሰነፍ ነው፤ የሚያውቀው ቁልቁለት፤
ነፋስ ካዘለው ግን ይለምዳል ዳገት።
እጥፋት አትተውልኝ፤ እጥፋት ኪስ ይሆናል፤
ኪስ ያገኘ ውሃ እንደ ሰው ነው፣ መሄድ ይጠላል።
የሚስማሩንም አናት ድፈነው፤
ቀዳዳ አይረሳም፣ ውሃ ቂመኛ ነው።»

ነጂብ ገና ዐሥራ ስድስት ዓመቱ ነው።
ጉልላቱ ጋ ሲደርስ አዳለጠው፤
በመዳፉ ተደገፈ፤
ፀሐይ ያለሰለሰው ሬንጅ ላይ
አምስት ጣቱን አትሞ አለፈ።
ሽኩር አየ፤ አላረመውም።
ከሰዓት ሰማያዊው ቆርቆሮ ተመታበት፤
ያንን መዳፍ ከእንግዲህ ማንም አያነበውም።

መንገደኛው ሁሉ «ሰማያዊው አማረበት!» አለን።
ስለ ጥቁሩ የጠየቀ የለም። እኛም አልተናገርን።

የሰኔ ሚካኤል ዋዜማ፣ ሌሊት ስምንት ሰዓት ግድም፣
ዝናቡ ተዘረገፈ። እናቴ መብራት አላበራችም፤
ቦታቸውን እጇ ያውቃል፦ ሳፋው ከራስጌ፣
ድስቱ ከቁምሳጥኑ ሥር፣ ጣሳዋ ከግርጌ።
ደርድራ ስታበቃ ካልጋው ጠርዝ ተቀመጠች፤
ከላይ ቆርቆሮው ሲደለቅ፣ ከታች ጣሳዋን ጠበቀች።

«ሰማህ?» አለችኝ።
«ምኑን?»
«ምንም።»

ቆየችና በጨለማው ውስጥ ሳቋ መጣ፦
«አባትህ ቢኖር ይሄኔ ‹ለዘንድሮ ይበቃል› ይል ነበር።»

ጠዋት በዚያው ሳፋ ልብስ ታጥባለች።
ጋሽ ሰይፈ ፍራሹን አጥሩ ላይ ሲያሰጣ አገኘሁት፤
አየኝ፤ ወደ ጣሪያው አየ፤ ጉሮሮውን ጠረገ፦
«ያ... ሽኩር ያላችሁት ሰውዬ፣
ስልኩ አለህ?»